የመካው የፍቅር ገጣሚ ዑመር ኢብን አቢ ረቢዓ

ወጣቶች ስለ ፍቅር ምን ይስሙ፣ ምንስ ይመልከቱ የሚለው ክርክር በቴሌቪዥን ድራማ የተጀመረ አይደለም። ዛሬ የቤንጋል ተናጋሪ ሠራተኞችና ሐጃጆች በሚበዙበት በመካው ሚስፈላ ሠፈር፣ ከሥራ መልስ በእጅ ስልክ የሚታዩት የባንግላዴሽ ድራማዎች አብዛኞቹ የወጣት ፍቅር ታሪኮች ናቸው። በኢትዮጵያውያን ቤትም ቃና ቴሌቪዥን ከ2016 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ ወደ አማርኛ መልሶ ያቀረባቸው የቱርክ ተከታታይ ፊልሞች ተመሳሳይ ጥያቄ አስነሥተዋል። ጥያቄው ግን በዚያው በመካ ከ1,300 ዓመታት በፊት ተነሥቶ ሊቃውንትንና ወላጆችን አነጋግሯል። ያኔ ክርክሩ የተነሣው ከቁረይሽ በተወለደ አንድ ገጣሚ ሥራዎች ምክንያት ነበር። ገጣሚው ዑመር ኢብን ዐብደላህ ኢብን አቢ ረቢዓ አል-መኽዙሚ ይባላል። የሕይወት ታሪኩም በአባቱ፣ በወንድሙና በፍጻሜው ትረካ በኩል ከሐበሻ ምድር ጋር የተሳሰረ ነው።

ዑመር የተወለደው በ23 ዓመተ ሒጅራ፣ እ.ኤ.አ. በ644 ነው። ታሪክ ዘጋቢዎች የልደቱን ሌሊት ሁለተኛው ኸሊፋ ዑመር ኢብን አል-ኸጣብ (ረ.ዐ) ካረፉበት ሌሊት ጋር አንድ ያደርጉታል። ስሙ ዑመር፣ የክብር መጠሪያውም አቡል ኸጣብ መሆኑ ይህን ትረካ አጠናክሮታል። ኋላ ግጥሞቹን ያልወደዱ ሰዎች፣ በዚያች ሌሊት ታላቅ እውነት ሄዶ በምትኩ ከንቱነት መጣ እያሉ ይተርቡበት ነበር።

ቤተሰቡ በኑ መኽዙም ከቁረይሽ ባለጸጋ ጎሣዎች አንዱ ሲሆን፣ መኖሪያቸውም ከሐረሙ በስተደቡብ፣ ከሚስፈላ ጎን በሚገኘው አጅያድ ነበር። አባቱ ዐብደላህ ኢብን አቢ ረቢዓ ከየመን ጋር የሚነግዱ ትልቅ ነጋዴ ነበሩ። ከእስልምና በፊት የከዕባን ልብስ አንድ ዓመት ቁረይሾች በጋራ፣ ሌላውን ዓመት እርሳቸው ብቻቸውን ያለብሱ ስለነበር፣ ከጎሣው ሁሉ ጋር የሚመዛዘኑ ሰው ተብለው ይጠሩ ነበር።

እኚሁ ሰው በሐበሻ ታሪክ ውስጥም ስማቸው ይገኛል። የመጀመሪያዎቹ ሙስሊሞች ከመካ ስደት ሸሽተው ወደ ነጃሺ ምድር በተሻገሩ ጊዜ፣ ቁረይሾች ስደተኞቹን እንዲያስመልሱ ስጦታ አስይዘው ከላኳቸው ሁለት መልእክተኞች አንዱ ዐብደላህ ነበሩ። ሌላው ዐምር ኢብን አል-ዓስ ናቸው። ነጃሺ የሁለቱን ወገኖች ቃል ሰምተው ስደተኞቹን አሳልፈው አልሰጡም፤ ስጦታውንም መለሱ። በኢብን ኢስሓቅ ዘገባ መሠረት፣ ዐምር ሙስሊሞቹን በነጃሺ ፊት ይበልጥ የሚያስከስስ ነገር ባሰቡ ጊዜ፣ ዐብደላህ የሥጋ ዝምድናን አስታውሰው ሊያስተዋቸው ሞክረው ነበር። ዐብደላህ ኋላ ሰለሙ። ነቢዩ ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ) ከእርሳቸው 40,000 ዲርሃም ተበድረው እንደመለሱላቸውና ለቤተሰባቸውና ለሀብታቸው በረከትን እንደለመኑላቸው በሐዲስ ተዘግቧል። በየመን የጀነድ አገረ ገዥ ሆነው አገልግለዋል። በ35 ዓመተ ሒጅራ ኸሊፋው ዑስማን (ረ.ዐ) በተከበቡ ጊዜ ለመርዳት ሲጓዙ መንገድ ላይ አረፉ። ዑመር ያኔ የ12 ዓመት ገደማ ልጅ ነበር።

የዑመር እናት መጅድ የደቡብ ዓረቢያ ሴት ነበረች። ዕድሜውን ሙሉ የተከታተለው ታላቅ ወንድሙ አል-ሓሪስ ግን ከሌላ እናት ነው የተወለደው። የአል-ሓሪስ እናት ክርስቲያን ሐበሻዊት ነበረች። ባረፈች ጊዜ የነቢዩ ባልደረቦች ቀብሯን እንደሸኙ የጥንት ምንጮች መዝግበዋል፤ ሊቃውንትም አንድ ሙስሊም የክርስቲያን ዘመዱን ቀብር ስለመሸኘቱ ሲናገሩ ይህን ጉዳይ ይጠቅሱታል። የሐበሻዊቷ ልጅ አል-ሓሪስ በቁምነገረኛነቱና በሃይማኖቱ የተከበረ ሰው ሆኖ አደገ። በዐብደላህ ኢብን አዝ-ዙበይር ዘመን የበስራ አገረ ገዥ ለመሆንም በቃ። ታናሹ ዑመር በአንጻሩ ሥልጣንን ሳይሻ፣ በአባቱ ሀብት በድሎት እየኖረ ግጥም የሚገጥም ሰው ሆነ።

ጊዜውም ለዚህ የተመቸ ነበር። የመንግሥቱ መናገሻ ወደ ደማስቆ ከሄደ በኋላ፣ በመካና በመዲና የቀሩት የታላላቅ ቤተሰቦች ልጆች ገንዘብ እንጂ የመንግሥት ሥራ አልነበራቸውም። በዑስማን (ረ.ዐ) ዘመን በ26 ዓመተ ሒጅራ የመካ ወደብ ከሹዐይባ ወደ ጅዳ ከተዛወረ ወዲህ፣ የባሕሩ ንግድ ለከተማዋ ይበልጥ ቀርቦ ነበር። እንደ ኢብን ሱረይጅና አል-ገሪድ ያሉ ድምፃውያን መካ ውስጥ ስም አተረፉ፤ የዑመርንም ግጥሞች በዜማ አሰሟቸው። በየዓመቱ ደግሞ የሐጅ ወቅት ሲደርስ ከሻም፣ ከዒራቅ፣ ከየመንና ከመዲና ቤተሰቦች ወደ መካ ይጎርፉ ነበር። የታላላቅ ሰዎች ሴቶች ልጆችም ከእነዚህ ሐጃጆች መካከል ነበሩ። ዑመር በዚህ ወቅት አምሮና ተሸላልሞ ይወጣ እንደነበር፣ ያያቸውንም ወይዛዝርት በግጥሙ ያነሣ እንደነበር ይተረካል።

በግጥሙ ያመጣው አዲስ ነገር አቀራረቡ ነው። ከእርሱ በፊት የነበሩ የዓረብ ባለቅኔዎች ስለ ሴት የሚናገሩት ብዙውን ጊዜ በረጅም ቅኔ መግቢያ ላይ ነበር። የፈረሰውን ሠፈር አይተው ያለቅሱና ወደ ግመላቸው፣ ወደ ጦርነቱና ወደ ውዳሴው ያልፋሉ። ዑመር ግን ፍቅርን ራሱን የቻለ የግጥም ጉዳይ አደረገው። በግጥሞቹ ውስጥ ሰዎች ይነጋገራሉ። ጓደኛሞች ሴቶች ስለ አንድ ወጣት ይማከራሉ፤ እህት እህቷን ታሾፍባታለች፤ መልእክተኛዋ ትሄዳለች፣ ትመለሳለች፤ የተቀየመችው ወጣት ትቆጣለች፣ ከዚያም ትታረቃለች። ቋንቋውም ከበረሃው ከባድ ቃላት ይልቅ የከተማው ሰው በየዕለቱ ለሚናገረው የቀረበ ነበር። ወዳጁ ኢብን አቢ ዐቲቅ በአንድ ነገር ይወቅሰው ነበር፦ ሴቶቹ ሁልጊዜ እርሱን ሲያደንቁ ስለሚታዩ፣ ዑመር የሚያሞግሰው ራሱን ነው የሚል ነበር ወቀሳው።

ከሁሉ የታወቀው ኑዕም ስለምትባል ወጣት የገጠመው ረጅም ቅኔ ነው። ታሪኩ በአጭሩ እንዲህ ነው። ወጣቱ የሠፈሩ መብራት እስኪጠፋና ጨረቃዋ እስክትጠልቅ ጠብቆ በጨለማ ወደ ኑዕም ድንኳን ይገባል። ሲነጋገሩ ሌሊቱ ሳይታወቃቸው ያልቃል፤ ጎሣው ለጉዞ መነሣት ሲጀምር መውጫ ይጠፋል። ወጣቱ ሰይፍ መዝዞ መውጣት ያስባል። ኑዕም ግን ሁለት እህቶቿን ትጠራለች፤ ታናሺቱም የሴት ልብስ አልብሰው በመካከላቸው እንዲያሳልፉት መላ ታመጣለች። አደጋው ካለፈ በኋላ ሦስቱም በድፍረቱ ይወቅሱታል። ምስጢር የምታውቅ እህት፣ የቤተሰብ ቁጣ ፍርሃት፣ በመጨረሻ ደቂቃ የተገኘ መላ፣ ከሣቅ ጋር የተቀላቀለ ተግሣጽ፦ ዛሬ ለዒድ በዓል ተብለው ከሚዘጋጁት የባንግላዴሽ ድራማዎች ጀምሮ በየአገሩ የሚታዩት የወጣት ፍቅር ታሪኮች የሚሠሩት ከእነዚሁ ነገሮች ነው።

ይህን ቅኔ ከሰሙት አንዱ ታላቁ የቁርኣን ተንታኝ ዐብደላህ ኢብን ዐባስ (ረ.ዐ) ናቸው። ናፊዕ ኢብን አል-አዝረቅ የተባለ የኸዋሪጅ መሪ በሐረሙ መስጊድ ተቀምጦ ኢብን ዐባስን የሃይማኖት ጥያቄ እየጠየቀ ሳለ፣ ወጣቱ ዑመር በቀለም ያሸበረቀ ልብስ ለብሶ ይመጣል። ኢብን ዐባስ ግጥም እንዲያሰማቸው ይጠይቁታል፤ እርሱም የኑዕምን ቅኔ እስከ መጨረሻው ያሰማል። ናፊዕ ሰዎች ከሩቅ አገር ለዕውቀት መጥተው ሳለ የአንድ ቅምጥል ወጣት ግጥም መሰማቱ አስቆጥቶት አንድ ስንኝ አጣሞ በመጥቀስ ይተቻል። ኢብን ዐባስ ስንኙን አርመው፣ አንድ ጊዜ ብቻ የሰሙትን ረጅም ቅኔ በሙሉ በቃላቸው መለሱለት ይባላል።

ሁሉም ሊቃውንት ግን እንዲህ አልተቀበሉትም። የመዲናው ሐዲስ ዘጋቢ ሂሻም ኢብን ዑርዋ ወላጆች የዑመርን ግጥም ለልጃገረዶቻቸው እንዳያሰሙ፣ ወደ ዝሙት ሊጥላቸው እንደሚችል አስጠንቅቀዋል። የመካው ሊቅ ኢብን ጁረይጅም ወደ ሴቶች ጓዳ ከገቡ ነገሮች ሁሉ ከዚህ ግጥም የከፋ እንደሌለ መናገራቸው ተዘግቧል። ይሁንና ስለ እኚሁ ኢብን ጁረይጅ ሌላም ታሪክ አለ። ከአገረ ገዥው መዕን ኢብን ዛኢዳ ዘንድ የመን ውስጥ ተቀምጠው ሳለ የሐጅ ወቅት ይደርሳል፤ እርሳቸው ግን የመሄድ ሐሳብ አልነበራቸውም። በየመን ለትርፍ ቆይቶ ሐጅ ስላመለጠው ሰው ዑመር የገጠማቸው ስንኞች ትዝ ሲሏቸው ተነሥተው ወደ መካ ተጓዙ። ጉዳቱን የተናገሩለት ግጥም እርሳቸውን ለሐጅ አነሣሣቸው።

የሊቃውንቱ ስጋት ምክንያት ነበረው። በዑመር ግጥሞች ከተነሡት ሴቶች ብዙዎቹ ቤተሰባቸው የታወቀ፣ በመካ፣ በመዲናና በጧኢፍ የሚኖሩ ሰዎች ነበሩ። ስማቸው በዜማ ሲዘፈን ነጋዴው ይሰማዋል፤ ጎረቤት ይሰማዋል፤ ለጋብቻ የሚመጣውም ሰው ይሰማዋል። ከሁሉ የታወቀችው የሙቀቱን ወራት በጧኢፍ ቀዝቃዛ አየር የምታሳልፈው የበኑ ኡመያዋ ሱረያ ነች። ዑመር ከጧኢፍ ፍራፍሬ ጭነው የሚወርዱትን ሰዎች መንገድ ላይ እየጠበቀ ስለ እርሷ ይጠይቅ ነበር። አንድ ቀን በከዋክብት ስም ለምትጠራ ሴት ሲለቀስ ሰማን የሚል ወሬ ደረሰው፤ ፈረሱን ኮልኩሎ ወደ ጧኢፍ ሲደርስ ሱረያ በደህና ቆማ አገኛት። ፍቅሩን ልትፈትን ወሬውን ያስላከችው እርሷው ነበረች። በመጨረሻ ግን ለሱሀይል ተድራ ከሒጃዝ ወጣች። ሱረያ የሰባቱ ከዋክብት ስም ነው፤ ሱሀይል ደግሞ በደቡብ ሰማይ የሚታይ ኮከብ ነው። ዑመር የስሞቹን መራራቅ ይዞ የቀለደበት ግጥም የሙሽሮቹን ስም እስከ ዛሬ ከቀልዱ ጋር አስተሳስሮታል።

ይህ ሁሉ ወንድሙን አል-ሓሪስን ያሳስበው ነበር። አንድ ጊዜ ግጥም እንዲተው 1,000 ዲናር ሰጠው። ዑመር ገንዘቡን ተቀብሎ፣ መካ ውስጥ ሆኖ ራሱን መግታት እንደማይችል ስላወቀ ወደ እናቱ ወገኖች፣ በደቡብ የመን ወደሚገኙት ለሕጅና አብየን ሄደ። በዚያ ግን ናፍቆቱ በረታበትና እንደገና ገጠመ። ግጥሙም መካ ደርሶ ተዘፈነ፤ አል-ሓሪስ ገንዘቡን እንዳጣ ተረዳ።

የሁለቱ ወንድማማቾች ክርክር የተቋጨው ዑመር በጠና ታሞ በተኛበት ጊዜ ነው። አል-ሓሪስ ከራስጌው ተቀምጦ አብዝቶ አዘነ። ዑመር ሐዘኑ ስለ ሞት ሳይሆን ስለ ግጥሞቹ መሆኑን ተረዳ። በግጥም አለችኝ፣ አልኳት እያለ የተናገረው ሁሉ የቃል ጨዋታ እንደነበር ገለጸለት። በሕይወቱ ከተከለከለ ነገር ደርሶ ከሆነ ያሉት ባሪያዎች በሙሉ ነፃ ይሁኑ ሲልም ማለ። አል-ሓሪስ ይህን ሲሰማ አላህን አመስግኖ ተጽናና። ወንድሙ ያረፈው በዚህ ነው። ግጥሞቹን የሰሙት ግን መሐላውን አልሰሙም፤ ስማቸው የተነሣው ሴቶችም መሐላው ከመደረጉ በፊት በሰው አፍ ገብተው ነበር።

ዑመር በሸመገለ ጊዜ ተውበት አድርጎ ወደ ዒባዳ አዘነበለ። ዳግመኛ ግጥም ላለመግጠም ተስሎ፣ ስእለቱን ካፈረሰ ለእያንዳንዱ ስንኝ አንድ ባሪያ ነፃ ለማውጣት ቃል ገባ። በዚህ ወቅት ከዕባን ሲዞር፣ በጠዋፍ መካከል ከአንዲት ወጣት ጋር የሚነጋገር ልጅ አየ። በዕድሜው ሙሉ በዚህ ቦታ ስላያቸው ሴቶች ሲገጥም የኖረው ሰው ወጣቱን በቦታው ክብር ተቆጣው። ወጣቱ ልጅቷ የአጎቱ ልጅ መሆኗን ነገረው። ለኒካሕ ጠይቋት፣ አጎቱ ግን 400 ዲናር መህር ካልከፈለ አልድርም ማለቱን፣ ያን ያህል ገንዘብ እንደሌለውም አስረዳ።

ዑመር ግጥም አልገጠመላቸውም፤ ወደ አጎትየው ቤት ሄደ። አጎትየው ልጁን የከለከለው በድህነቱ እንጂ በሌላ ጥፋት አለመሆኑን ነገረው። ዑመርም መህሩን ከራሱ ኪስ ከፍሎ ሁለቱን አጋባ። ወደ ቤቱ ሲመለስ ግን ዝም አለ፤ ፊቱም ተለወጠ። አገልጋዩ ምን እንደሆነ ብትጠይቀው፣ ያየው የወጣቶቹ ፍቅር ያለፈውን ዘመን ቀስቅሶበት ስንኞች ከአፉ ወጡ። ዘጠኝ ነበሩ። ዘጠኝ ባሪያዎች ጠርቶ በስእለቱ መሠረት ነፃ አወጣቸው።

ስለ አሟሟቱ ሁለት ዓይነት ትረካ አለ። ኢብን ቁተይባ እንደጻፉት፣ ኸሊፋው ዑመር ኢብን ዐብዱልዐዚዝ ገጣሚውን ከምጽዋ ፊት ለፊት ወዳሉት የደህለክ ደሴቶች አግዘውት፣ በኋላም በባሕር ዘመቻ መርከቡ ተቃጥሎ ሞቷል። ደህለክ የመዲናው ገጣሚ አል-አሕወስም የተጋዘበት የኡመያዎች የግዞት ስፍራ ነበር። ይሁንና የዑመር ሞት በአብዛኛው የሚመዘገበው በ93 ዓመተ ሒጅራ፣ እ.ኤ.አ. በ712 ገደማ ነው፤ ዑመር ኢብን ዐብዱልዐዚዝ ኸሊፋ የሆኑት ደግሞ ከዚያ ስድስት ዓመት ዘግይቶ በ99 ነው። ስለዚህ የግዞቱ ትረካ ከዘመኑ ቀመር ጋር አይገጥምም።

የመካ ወጣቶች ፍቅር በዑመር መንገድ ብቻ አልተነገረም። በዚያው ዘመን ገደማ ከዒባዳው ብዛት የተነሣ አል-ቀስ፣ ማለትም መነኩሴው፣ ተብሎ የተጠራው የመካ ሰው ዐብዱረሕማን ኢብን አቢ ዐማር ሰላማ የምትባል ድምፃዊት አፈቀረ። ብቻቸውን በተገናኙ ጊዜ፣ የዛሬው ወዳጅነት በቂያማ ቀን ጠላትነት እንዳይሆን ፈርቶ ራሱን ገትቶ ሄደ። የሐድረሞት ዝርያ ያለው ደራሲ ዐሊ አሕመድ ባከሢር ይህን ታሪክ ልብ ወለድ አደረገው። ቶጎ ሚዝራሒ በ1945 (እ.ኤ.አ.) ካይሮ ውስጥ ፊልም አድርጎ ሲያዘጋጀው ሰላማን ሆና የተጫወተችው ኡም ኩልሱም ነበረች። ስለ ወጣት ፍቅር የሚሠራ የስክሪን ታሪክ የግድ የሌሊት ድንኳን እንደማያስፈልገው ይህ ፊልም አንድ ማስረጃ ነው።

የዑመር ግጥሞች ግን ጠፍተው አልቀሩም። አቡል ፈረጅ አል-ኢስፈሃኒ በ10ኛው ክፍለ ዘመን ባዘጋጁት የዜማዎች መጽሐፍ፣ በኪታብ አል-አጋኒ፣ ሰፊ ቦታ ሰጥተውታል። ጀርመናዊው ፓውል ሽቫርትስ ከ1901 እስከ 1909 (እ.ኤ.አ.) የግጥሞቹን መድበል በላይፕዚግ አሳትሟል። ከቁረይሽ ታላቅ ገጣሚ አልወጣም ይሉ የነበሩ ዓረቦችም በእርሱ ምክንያት አባባላቸውን ትተዋል። የሱረያና የሌሎቹ ወይዛዝርት ስም በእነዚህ መጻሕፍት ታትሞ ይነበባል፤ ፈቃዳቸውን የጠየቀ ስለመኖሩ ግን የተጻፈ ነገር የለም። 400 ዲናር ተከፍሎላቸው በኒካሕ የተጣመሩት ሁለቱ ወጣቶች ደግሞ በትረካው ውስጥ እንኳ በስም አልተጠሩም፤ ፍቅራቸው የሰው ወሬ ሳይሆን ቤታቸውን መሠረቱ።